«የገደለው ባልሽ፣ የሞተው ወንድምሽ»፦ ትርጉሙ፣ አመጣጡ እና ህጉ የሚጠይቀው ጥያቄ

የገደለው ባልሽ የሞተው ወንድምሽ፣
ሀዘንሽ ቅጥ አጣ ከቤትሽ አልወጣ።

ይቺን አባባል ያልሰማ ያለ አይመስለኝም። ዛሬ በብዛት የምንላት ሁለት የኛ የምንላቸው ሰዎች ተጣልተው እኛ መሀል ስንቀር ነው፣ ለአንዱ ብናዝን ሌላውን የከዳን ሲመስለን፣ ወይ ደግሞ የአንድ ሀገር ልጆች ሲጋደሉ ቆሞ ማየት ሲመጣ። ለማን ልዘን፣ በማን ልፍረድ ነው ነገሩ።

አመጣጧ ግን ከቃሉ ብዙም አይርቅም። አሰራሯን ብታዩት እንደ ሙሾ ነው፣ አጭር አጭር ሆና ቤት እየመታች የምትሄድ፣ አልቃሽ ለቅሶ ላይ የምትደረድረው አይነት። እስቲ ሴትየዋን አስቧት። ወንድሟ ሞቷል፣ ወጥታ ደረቷን መድቃት አለባት፣ ግን ያለችው ገዳዩ ቤት ውስጥ ነው፣ ልጆቿም የገዳዩ ልጆች ናቸው፣ የአባቷ ቤት ሰዎች ደግሞ ደማችንን እንመልሳለን እያሉ ነው እና ደሙ ከተመለሰ የሚወድቀው የልጆቿ አባት ነው። ጮክ ብላ ብታለቅስ ባሏን ማጋለጥ፣ ዝም ብትል ወንድሟን መካድ ሆነባት። ሀዘኗ ከቤት ያልወጣው ለዚህ ነው።

እኔን ሁሌ የሚከነክነኝ ግን ግጥሟ ያልነገረችን ነገር ነው። ባልየው ምን አስቦ ነው የገደለው? ብቻውን ነው ወይስ አብሮት ሰው ነበር? ለሷ እንባ ምንም ለውጥ የለውም፣ ወንድሟ ያው ሞቷል። ፍርድ ቤት ስንሄድ ግን ነገሩ ሁሉ የሚንጠለጠለው እዚህች ላይ ነው። «ገደለ አይደል እንዴ፣ ምን ልዩነት አለው» የሚል ሰው ብዙ ነው፣ ሀዘኑ ይገባኛል፣ ግን ልዩነቱ የሰማይና የምድር ያህል ነው። ጥንት ፍትሐ ነገሥቱም ሆነ ብሎ የገደለንና ሳያስበው ነፍስ ያጠፋን አንድ ላይ አልጨፈለቃቸውም።

አሁን የምንሰራበት በግንቦት 1997 ዓ.ም ስራ ላይ የዋለው የወንጀል ህግ ነው። እዛው ባልየው ላይ እንየው። አማቹን በርስት ቂም ይዞበት፣ መሳሪያ አዘጋጅቶ፣ የሚመለስበትን ሰዓት አጥንቶ መንገድ ላይ ጠብቆ ከገደለው ይሄ አንቀጽ 539 ነው፣ ከባድ የሰው ግድያ፣ ቅጣቱ ዕድሜ ልክ ወይም ሞት። አስቀድሞ ፕላን ሳያወጣ፣ ጠብ ተነስቶ እዛው አስቦ ከገደለው፣ ጭካኔውም አደገኝነቱም የተለየ ካልሆነ፣ 540 ላይ ይወድቃል፣ ተራ ግድያ፣ ከ5 እስከ 20 ዓመት ጽኑ እስራት። «ተራ» ሲባል ሟችን ማቃለል የሚመስላቸው አሉ፣ በፍጹም አይደለም፣ የገዳዩን ሁኔታ ነው የሚለካው። አማቹ ቢላ ይዞ መጥቶበት ራሱን ሲከላከል ከልኩ ካለፈ፣ ወይም ማንንም ሰው ከአቅሉ በሚያወጣ ከባድ ማነሳሳት ገንፍሎ ካደረገው ደግሞ 541 አለ፣ ቀላል እስራት ከ5 ዓመት የማይበልጥ። ጠመንጃ ሲወለውል ባርቆበት ከሆነማ 543 ነው፣ ቸልተኝነት፣ መነሻው ከ6 ወር እስከ 3 ዓመት ቀላል እስራት ወይም መቀጮ፣ ሰው የመጠበቅ የሙያ ግዴታ ያለበት እንደ ሀኪም ወይ ሾፌር ያለ ሰው ሲሆን ከፍ ይላል፣ ሰክሮ አእምሮውን ያሳተ ወይም ግልጽ ደንብ የጣሰ ደግሞ ጽኑ እስራት ድረስ ይሄዳል።

በጣም የሚያከራክረው መሀል ላይ ያለው ነው። «ልመታው እንጂ ልገድለው አላሰብኩም» ይላል ተከሳሹ። ሰው ልብ ውስጥ ገብቶ ማየት አይቻልም እና ዳኛው የሚያየው ውጪውን ነው፦ በምን መታው፣ የት ላይ፣ ስንት ጊዜ፣ ከመምታቱ በፊት ምን አለ፣ ከወደቀ በኋላ አነሳው ወይስ ጥሎት ሄደ። እግር ላይ በበትር አንዴ መምታትና የወደቀን ሰው ጭንቅላቱን በመጥረቢያ መደጋገም አንድ ሀሳብ አይደለም። ደሞ «ሊሞት እንደሚችል አውቄያለሁ፣ ቢሞትም ይሙት» ብሎ መግባት በህጉ አንቀጽ 58 ማሰብ ነው፣ ቸልተኝነት አይደለም፣ ይሄን ብዙ ሰው አያውቀውም።

አብሮ የነበረውስ? የባልየው ታናሽ ወንድም እንዳይሸሽ ብሎ እጁን ይዞለት ከነበረ፣ እንደሚገድለውም አውቆ ያንኑ ፈልጎ ከሆነ፣ «እኔ እኮ አልነካሁትም» ማለቱ አያድነውም፣ አንቀጽ 32 በድርጊቱና በሚፈለገው ውጤት ሙሉ በሙሉ የተሳተፈን ሰው ራሱ እንዳደረገው ዋና ወንጀል አድራጊ ይለዋል። ሽማግሌ ሆኜ አስታርቃለሁ ብሎ አብሮ የሄደ ጎረቤት ግን ቦታው ላይ ስለተገኘ ብቻ ገዳይ አይሆንም። የሁለቱ ልዩነት ያው ሀሳባቸው ነው፣ አንድ ላይ መቆማቸው አይደለም። ይሄ ነገር በየሰፈሩ ቢታወቅ ምን አለበት እላለሁ፣ ምክንያቱም ደም እንመልስ ሲባል የሚፈለገው ገዳዩ ብቻ ሳይሆን ወንድሙም፣ የአጎቱ ልጅም፣ በዛ በኩል ያለፈም ሁሉ ነው። እርቁና ካሳው ደም ለማድረቅ ትልቅ ነገር ነው፣ ክሱን ግን አያስቀረውም።

ወደ ሴትየዋ ልመለስና፣ ህጉ እሷንም አልረሳትም። አንቀጽ 443 በሞት ወይም በዕድሜ ልክ የሚያስቀጣ ወንጀል መፈጸሙን ወይም የፈጸመውን ሰው እያወቀ ያለበቂ ምክንያት ያላስታወቀን ይቀጣል። ስለዚህ ባሏ ያደረገው 539 ከሆነ ዝምታዋ ራሱ ያስጠይቃት ይሆናል፣ በሷ ሁኔታ ላይ ያለች ሴት ፍርሃቷ «በቂ ምክንያት» ነው ወይ የሚለውን ዳኛው ይመዝነዋል። 540 ከሆነ ግን ጣሪያው 20 ዓመት ስለሆነ በዚህ አንቀጽ አትጠየቅም።