የመንግሥት ክትትልና የዜጎች ነጻነት

የመንግሥት ክትትል የደኅንነትና የፖሊስ ተቋማት ወንጀልን፣ ሽብርንና የውጭ ስለላን ለመከላከል ሲሉ የሰዎችን ንግግር፣ መልእክትና እንቅስቃሴ በምስጢር የሚከታተሉበት አሠራር ነው። በአንድ ተጠርጣሪ ላይ ብቻ ሊያነጣጥር ይችላል፤ ምንም ጥርጣሬ የሌለባቸውን ሚሊዮኖች የሚያጠቃልል የጅምላ ክትትልም አለ።

እ.ኤ.አ. በ1966 የጸደቀው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ዓለም አቀፍ ቃል ኪዳን፣ በአንቀጽ 17፣ የማንም ሰው የግል ሕይወት፣ መኖሪያ ቤትና ደብዳቤ በዘፈቀደ ወይም ከሕግ ውጭ እንዳይደፈር ይደነግጋል። ክትትልን ጨርሶ አልከለከለም፤ ስለዚህ ክርክሩ የሚያርፈው ፈቃዱን ማን ይሰጣል፣ ተከታታዩንስ ማን ይቆጣጠረዋል በሚለው ላይ ነው።

በአሜሪካ በሴናተር ፍራንክ ቸርች የተመራው የሴኔት ኮሚቴ በ1975 እና በ1976 ባካሄደው ምርመራ፣ የደኅንነት ተቋማት ማርቲን ሉተር ኪንግን የመሳሰሉ የመብት ታጋዮችን ለዓመታት ሲሰልሉ እንደነበር አጋለጠ። ከዚያም በ1978 በወጣ ሕግ ለውጭ ስለላ ጉዳዮች የስልክና የመልእክት ጠለፋ ፈቃድ የሚሰጥ ልዩ ፍርድ ቤት ተቋቋመ። ይሁን እንጂ ችሎቱ ዝግ ነበር፤ በአብዛኛው የሚያደምጠውም የመንግሥትን ጠበቆች ብቻ ነበር። ለአሜሪካ የስለላ ተቋም በኮንትራት ይሠራ የነበረው ኤድዋርድ ስኖውደን በጁን 2013 ይፋ ባደረጋቸው ሰነዶች፣ ይኸው ፍርድ ቤት የሚሊዮኖች አሜሪካውያን የስልክ ጥሪ መዝገብ በየዕለቱ ለብሔራዊ ደኅንነት ኤጀንሲ እንዲሰጥ ማዘዙ ታወቀ። መንግሥት ንግግሩን አንሰማም ብሎ ተከራከረ፤ ነገር ግን ማን ለማን፣ መቼ፣ ለምን ያህል ደቂቃ እንደደወለ ማወቅ ብቻውን የአንድን ሰው ሕመም፣ እምነትና ወዳጅነት ለመገመት ብዙ ጊዜ ይበቃል። ነጻ የአሜሪካ መንግሥት አካል የሆነው የግላዊነትና የሲቪል ነጻነቶች ተቆጣጣሪ ቦርድም በጃንዋሪ 2014 ባወጣው ሪፖርት፣ መዝገቡ በአገሪቱ ላይ የተቃጣን አደጋ በሚመለከት የፀረ ሽብር ምርመራ ውጤትን በተጨባጭ የለወጠበት አንድም አጋጣሚ እንዳላገኘ አስታወቀ። ኮንግረስ በ2015 አሠራሩን አስቀረው።

የአውሮፓ የሰብአዊ መብቶች ፍርድ ቤት በበኩሉ በ2021፣ የጅምላ ጠለፋ በራሱ የመብት ጥሰት እንዳልሆነ፣ የብሪታንያ አሠራር ግን ከአስፈጻሚው አካል ነጻ የሆነ ቅድመ ፈቃድ የሌለው በመሆኑ ጭምር መብትን እንደጣሰ ወሰነ።

ከሁሉ የከበደው የተበዳዩ አቤቱታ ነው፤ የሚሰለል ሰው መሰለሉን አያውቅምና ምን ይዞ ይከሳል? ይኸው የአውሮፓ ፍርድ ቤት በ1978፣ በጀርመን ላይ በቀረበ አቤቱታ፣ ሰው መሰለሉን ሳያስረዳም በተወሰኑ ሁኔታዎች ሊከስ እንደሚችል ተቀብሏል። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በአንጻሩ በፌብሯሪ 2013 ጠበቆች፣ ጋዜጠኞችና የመብት ድርጅቶች ያቀረቡትን ክስ፣ ግንኙነታቸው መጠለፉን አላረጋገጡም ሲል ውድቅ አደረገ፤ የስኖውደን ሰነዶች የወጡት ከዚያ አራት ወር ሳይሞላ ነበር።