ዮስታ ኤክማን፦ ራሱ ሳይስቅ አገር ያሳቀ ተዋናይ

ዮስታ ኤክማን (1939–2017 እ.ኤ.አ.) ስዊድን ካፈራቻቸው የኮሜዲ ተዋናዮች መካከል ስሙ ከፊት የሚነሳ ነው። ብዙ ሰው የሚያስታውሰው ግን በሁለት ገጸ ባህርያቱ ነው፤ በሲካን እና በፓፕሃማር።

የተወለደው ከጥበብ ቤተሰብ ነው። ስሙን ያወረሰው አያቱ ዮስታ ኤክማን በድምፅ አልባው ፊልም ዘመን ትልቅ ተዋናይ ነበር። ጀርመናዊው የፊልም ዳይሬክተር ሙርናው በ1926 በሠራው «ፋውስት» ላይ ፋውስትን ሆኖ የተጫወተው እሱ ነው። አያት በ1938 አረፈ፣ የልጅ ልጅ በዓመቱ ተወለደ። አባቱ ሀሰ ኤክማን የታወቀ የፊልም ዳይሬክተር ነበር። ወንድሞቹ ስቴፋንና ሚካኤልም እዚያው ሙያ ውስጥ ገቡ። ዮስታ ራሱ በወጣትነቱ በማልመ ከተማ ቲያትር ለታዋቂው ዳይሬክተር ለኢንግማር በርግማን በረዳትነት ሠርቷል።

ለኮሜዲው መንገድ የከፈቱለት ሃንስ አልፍሬድሶን እና ታገ ዳኒኤልሶን ናቸው። ሁለቱ አብረው እየጻፉ፣ እያዘጋጁና እየተወኑ የስዊድንን ቀልድ ለዓመታት መርተዋል። በ1972 በወጣው ፊልማቸው ዮስታ ዳንቴ አሊጊዬሪ የተባለ ወጣት ሆነ። ዳንቴ ትልቅ ውርስ ይጠብቀዋል፤ ግን ገንዘቡን የሚያገኘው ሲጋራ ካቆመ ብቻ ነው። በ1978 ደግሞ ሠዓሊውን ፒካሶን ሆኖ ተጫወተ።

ከዚያ ሲካን መጣ። ሙሉ ስሙ ቻርልስ ኢንግቫር ዮንሶን ሲሆን የሌቦች ቡድን መሪ ነው። ሐሳቡ የተወሰደው ከ1968 ጀምሮ ከተሠሩት የዴንማርክ «የኦልሰን ቡድን» ፊልሞች ነው። የስዊድኑ የመጀመሪያ ፊልም በ1981 ወጣ። ዮስታ እስከ 1989 ድረስ በአምስት ፊልሞች ሲካንን ሆኖ ቀረበ። ከመካከላቸው ወንድሙ ሚካኤል ያዘጋጃቸው አሉ።

ሲካን ቆቡን ደፍቶ «እቅድ አለኝ» ሲል ጓደኞቹ ዝም ብለው ይሰማሉ። እቅዱ በሰከንድ የተለካ ነው። ይሠራልም! የሚበላሸው መጨረሻ ላይ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ ደግሞ በማይረባ ነገር። እኔን ከሁሉ የሚገርመኝ የዮስታ ፊት ነው። ሲካን እንደሚያስቅ አያውቅም። ራሱን እንደ ሊቅ ይቆጥራል፣ ሥራውን ያከብራል፣ ሲከሽፍበት ከልቡ ይናደዳል። ተዋናዩ አንዴ እንኳ ለተመልካች ጠቀስ አድርጎ ቢሆን ኖሮ ነገሩ ሁሉ ይፈርስ ነበር።

ፓፕሃማር ደግሞ ሌላ ሰው ነው። በ1980ዎቹ በስዊድን ቴሌቪዥን በአጫጭር ድራማዎች የቀረበ፣ ጨዋ፣ ብቸኛ፣ ሰው ማስቸገር የማይወድ ሰውዬ። ትንሽ ስህተት ይሠራል። ማንም ሳያየው ሊያስተካክል ይሞክራል። ባስተካከለ ቁጥር ይብስበታል። እዚህ ያለው የሰውነት ቁጥጥር ልዩ ነው፤ እጁ፣ ትከሻው፣ ዓይኑ ሁሉ ያፍራሉ። ሳቁም ከጭካኔ የመጣ አይደለም፤ እንዲህ ያለ ሐፍረት ያልደረሰበት ማን አለ?

በ1993 እና በ1994 ብዙዎች ያልጠበቁትን ሚና ያዘ። ማይ ሾቫል እና ፐር ቫሌ በጻፏቸው የወንጀል ልብ ወለዶች ላይ በተመሠረቱ ስድስት ፊልሞች መርማሪውን ማርቲን ቤክን ተጫወተ። ዝምተኛ፣ የደከመው፣ ትዕግሥተኛ ፖሊስ። ለእኔ ይህ ከኮሜዲው የራቀ ሥራ አይደለም። ስሜትን አፍኖ መያዝን ከፓፕሃማር ጋር ለዓመታት ሲለማመደው ነበር።

የሚገርመው፣ ሁለቱንም ቦታ በኋላ የተረከበው አንድ ሰው ነው፤ ፔተር ሃበር። በ1992 የሌቦቹን ቡድን የሚመራ አዲስ ገጸ ባህርይ ሆኖ ገባ፤ ከ1997 ጀምሮ ደግሞ ራሱ ቤክን ሆነ።

ዮስታ ከ1989 ጀምሮ የሠዓሊዋና የዳይሬክተሯ ማሪ ሉዊዝ ኤክማን ባል ነበር። እሷ በኋላ ድራማተን የሚባለውን የስዊድን ብሔራዊ ቲያትር መርታለች። እሱ ሚያዝያ 1 ቀን 2017 እ.ኤ.አ. በ77 ዓመቱ አረፈ።

ሥራዎቹን ማየት ለሚፈልግ ምክሬ ከፓፕሃማር መጀመር ነው። ንግግሩ ጥቂት ስለሆነ ስዊድንኛ የማይችል ሰው ብዙም አይቸገርም።