በወሎ የ«ሁከት ይወገድልኝ» ክርክር እና የወረዳ ፍርድ ቤት ትእዛዝ በይግባኝ የሚታይበት ሥርዓት

«ሁከት ይወገድልኝ» ይዞታው የተነጠቀበት ወይም የታወከበት ሰው በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1149 መሠረት የሚያቀርበው ክስ ነው። ክርክሩ መሬቱ የማን ነው የሚል አይደለም፤ በእጁ አድርጎ ሲያርሰው የነበረው ማን ነው የሚል ነው። የወረዳ ፍርድ በይግባኝ የሚሻረውም አብዛኛውን ጊዜ ሁለቱን ሲያደባልቅ ነው።

በንጉሡ ዘመን የመሬት ሙግት ከአጥቢያ ዳኛ ተነሥቶ እስከ ዙፋን ችሎት ይዘልቅ ነበር። በ1967 ዓ.ም. የገጠር መሬትን የሕዝብ ያደረገው አዋጅ ቁጥር 31 ከወጣ በኋላ የገበሬ ማኅበራት የፍርድ ሸንጎዎች ተረከቡት።

ዛሬ ነገሩ በሽምግልና ይጀመራል። ወሎ በዚህ አይታማም፤ ክርስቲያኑም እስላሙም በአንድነት የሚዳኝባቸው አባ ጋሮች የሚባሉ አስታራቂ ሽማግሌዎች አሉት። ሆኖም ስምምነቱ በጽሑፍ ካልሰፈረና ካልተፈረመ ይግባኝ ሰሚው ዘንድ ብዙም አይረዳም።

ክሱ በአራቱም አቅጣጫ አዋሳኞቹን፣ የመሬቱን ስፋትና ሁከቱ የተፈጠረበትን ቀን መያዝ አለበት። ቀኑ ትልቁ ወጥመድ ነው፤ ከሁለት ዓመት ካለፈ ክሱ በይርጋ፣ ማለትም በጊዜ ገደቡ ማለፍ፣ ይታገዳል። በወሎ ተዳፋት ወሰኑ ብዙ ጊዜ የእርከን ጠርዝ ነው፤ ጎረቤት በየዓመቱ አንድ ትልም እየጨመረ ይገፋዋል። ከሳሽ «ከዓመታት ጀምሮ ሲገፋኝ ኖሯል» ብሎ ከጻፈ የይርጋ መቃወሚያውን በገዛ እጁ ለተከሳሽ አቀበለ ማለት ነው። ተከሳሽም የይዞታ ደብተር ማሳየቱ ብቻ አይበቃውም፤ ድርጊቱን የሚፈቅድለት መብት እንዳለው ወዲያውኑና በማያጠራጥር ሁኔታ ማስረዳት አለበት።

ፍርዱ እስኪሰጥ ማንም እንዳያርስ የሚታዘዝ እግድ ለብቻው ይግባኝ አይባልበትም፤ ከዋናው ፍርድ ጋር ነው የሚነሣው። ትእዛዙ ግን መሬቱን ከአንዱ ወስዶ ለሌላው የሚያስረክብ ከሆነ፣ «ጊዜያዊ» ቢባልም በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 320 ወዲያውኑ ይግባኝ ይባልበታል። ይህችን የሚያውቅ ባለጉዳይ ጥቂት ነው፤ የማያውቀውን በልግ ወይም መኸር ያመልጠዋል።

ይግባኙ ፍርዱ በተሰጠ በ60 ቀን ውስጥ ከፍርዱ ግልባጭ ጋር ይቀርባል፤ የተሁለደሬ ወረዳው ደሴ፣ የሐብሩ ወረዳው ወልድያ ላለው ከፍተኛ ፍርድ ቤት። ችሎቱ ቅሬታውን ብቻ ሰምቶ «አያስቀርብም»፣ ማለትም ሌላውን ወገን መጥራት አያስፈልግም፣ ብሎ ሊዘጋው ይችላል፤ ያስቀርባል ካለ ለመልስ ሰጪ መጥሪያ ይወጣል። ይግባኝ መባሉ በራሱ አፈጻጸምን አያቆምም። ስለዚህ የእግድ አቤቱታው በዚያው ዕለት መግባት አለበት፤ አለዚያ መዝገቡ ሲመረመር በማሳው ላይ የሌላው ሰው ጤፍ ይበቅላል። ምስክር ሳይሰማ በወረዳው የመሬት ጽሕፈት ቤት ደብዳቤ ብቻ የተፈረደ ከሆነ፣ መዝገቡ ተጣርቶ እንዲወሰን ወደ ወረዳው ሊመለስ ይችላል።

ከፍተኛው ፍርድ ቤት ካጸናው የሚቀረው በር ሰበር ሰሚ ችሎት ነው። እዚያ የሚታየው መሠረታዊ የሕግ ስህተት ብቻ ስለሆነ የምስክሮችን ቃል እንደገና መዘርዘር ወረቀት ማባከን ነው። በክርክሩ ሳይገባ ፍርዱ ማሳውን የነካበት ሦስተኛ ወገን ግን ይግባኝ ውስጥ አይገባም፤ ፍርዱ ሳይፈጸም በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 358 መቃወሚያውን ለፈረደው ፍርድ ቤት ያቀርባል።