ስለ «ውል» የሚወሩ ስህተቶች፤ እውነታውስ?

ደሴ ላይ ሦስት ጓደኛሞች ሆነን አንድ የፈጠራ ዓለም እየጻፍን ነው። የዓለሙ ስም ልቃቂት ነው። ተራራው፣ ዝናቡ፣ ሰዉ፣ ሞቱ ሳይቀር ከአንድ የማይታይ ክር የተጠቀለለ ነው። ያንን ሁሉ ይዞ ያቆመውን ኃይል «ውል» እንለዋለን። ቅዳሜ ቅዳሜ ቡና እየጠጣን አዲሱን ምዕራፍ ጮክ ብለን እናነባለን። ሰሚ አጥተን አናውቅም። ግን ውልን ሁሉም በየፊናው ነው የሚረዳው። በየሳምንቱ ያንኑ ከምመልስ አንዴ ጽፌው ልገላገል።

«ውል የሚተኮስ ኃይል ነው»

ልጆቹ ከእጅ የሚወጣ ብርሃን ይጠብቃሉ። የለም። ሐሳቡ የመጣው ከአያቴ ጓዳ ነው። አያቴ ፈታይ ነበረች። ጥጡን በመዳመጫ ፍሬውን ታወጣለች፣ በደጋን ትነድፋለች፣ ከዚያ እንዝርቷን ስታሾር ትውላለች። አንድ ቀን ልቃቂቷን ከመሃል ይዤ ጎተትኩት። ተተበተበ። ዱላ ነበር የጠበቅኩት። እሷ ግን «አብሽር» አለችኝና ልቃቂቱን ጭኗ ላይ አስቀመጠችው። በጥፍሯ እየነካካች ጫፉን ስትፈልግ አረፈደች። አልጎተተችም፣ አልበጠሰችም። ቡናዋ ቀዘቀዘ። በመጨረሻ ጫፉን አገኘችውና «ይኸው ውሉ። ይህን ሳትይዝ አትጎትት» አለችኝ።

በእኛ ዓለም ጀግና የሚባለው ይህን የሚችል ነው። ውጊያ ያለባቸው ምዕራፎች ሁለት ብቻ ናቸው። ሁለቱም ያሰለቻሉ፣ አውቃለሁ።

«ፈታይ ጥሩ፣ ፈቺ ክፉ»

ልቃቂት ውስጥ ሁለት ሙያ አለ። ፈታይ ውልን ይፈትላል፣ ፈቺ ይፈታል። በፊልም ያደገ አንባቢ ወዲያው አንዱን የብርሃን፣ ሌላውን የጨለማ ወገን ያደርገዋል። እስቲ አማርኛችንን እዩት። እስረኛ ይፈታል። ሕልም ይፈታል። ቅኔ ይፈታል። ትዳርም ይፈታል። ፍቺ መለያየትም ነው፣ ትርጉምም ነው። የእኛ ፈቺዎች አራቱንም ይሠራሉ። ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ አንዷ ፈቺ ለዘመናት ታስሮ የኖረ ወንዝ ትፈታለች። የታችኛው መንደር ውሃ ያገኛል፣ የላይኛው ድልድዩን ያጣል። ይቺ ሴት ጥሩ ናት ክፉ? ያን ቀን ቡና ቤቱ ለሁለት ተከፍሎ ሲከራከር አመሸ። እኔ ዝም ብዬ ሁለተኛ ቡና አዘዝኩ።

«ውቃቢ ነው፣ ስሙን ቀይራችሁት»

ይህን የሚሉኝ ትልልቆቹ ናቸው። አልፈርድባቸውም። ወሎ አድጎ ስለ ውቃቢ፣ ስለ ዛር፣ ስለ አድባር ያልሰማ ማን አለ? ግን ይለያያሉ። ውቃቢ የሰው ነው፤ ይቀርባል፣ ይርቃል። ዛር ሰው ላይ ይሰፍራል፣ ይህን ልበስ፣ ያንን እረድ ይላል። ውል የማንም አይደለም። ምንም አይጠይቅም። እጣን እያጨሱ የሚለምኑት ሰዎች ድርሰቱ ውስጥ አሉ። መልስ ያገኘ ግን የለም።

«የውጫሌ ውል ምሳሌ ነው»

እዚህ ላይ አንድ እጄን እሰጣለሁ። ውጫሌ ከደሴ ወደ ወልዲያ ስንሄድ መንገዳችን ላይ ናት። በስሟ የሚጠራው ውል የተፈረመው ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. ነው። አንቀጽ 17 በአማርኛው፣ ምኒልክ ከሌሎች መንግሥታት ጋር ላላቸው ጉዳይ በኢጣሊያ በኩል መላላክ ይችላሉ ይላል። በጣሊያንኛው ግን ግዴታቸው ነው። የአንድ ግስ ነገር ነው። መጨረሻው 1888 ዓ.ም. ዓድዋ ላይ ታየ።

ከዚህ የወሰድነው አንድ ነገር ብቻ ነው። ልቃቂት ውስጥ ሁለት ሰዎች አንድን ውል ከሁለት ጫፍ ይዘው ለየራሳቸው ካነበቡት ሁለቱም ንባብ እውነት ይሆናል። ከዚያ መሬቱ መሃላቸው ላይ ይሰነጠቃል። ሌላው የራሳችን ነው። «ጣይቱ የትኛዋ ናት?» የምትሉኝ በአላህ ተዉኝ።

«ድር ቢያብር አንበሳ ያስር»

ይህን ተረት ያልጠቀሰልኝ ሰው የለም። ክር ሲበዛ ኃይል ይበዛል ለማለት ነው። ሸማኔ ጠይቁ፤ ድር ብቻውን ጨርቅ አይሆንም፣ ማግ ይፈልጋል። የልቃቂት ክር ደግሞ መጠኑ አይጨምርም። እዚህ ከቋጠርክ እዚያ ያጥራል። አንዱ ንጉሥ ለልጁ ዕድሜ ሊያስረዝም ሲቋጥር አንድ ሙሉ ክረምት ጠፍቷል።

«በዘር ይወረሳል»

አይወረስም። ቀጥሎ።

«መሃሉ ላይ ትልቅ ምሥጢር አለ»

አንባቢው ሁሉ ልቃቂቱ ተተርትሮ ሲያልቅ አምላክ፣ ዙፋን ወይ የወርቅ እንቁላል ይጠብቃል። ክር የጠቀለለ ሰው ግን ያውቃል። ክር በባዶ አይጠቀለልም። መጀመሪያ እጅ የገባው ነገር ላይ ይጠመጠማል፤ ስንጥር ይሁን፣ ቁራጭ ጨርቅ። አያቴ ካረፈች በኋላ አንዱን ልቃቂቷን ውሉን ይዤ እስከ መጨረሻው ተረተርኩት። መሃሉ ላይ እጥፍጥፍ ያለች የደብተር ወረቀት ነበረች። የእኔው ሒሳብ፣ የሦስተኛ ክፍል። ከአምስቱ ሦስቱ ኤክስ።