ከነቅርፊቱ የለም? ስለ ካሹ የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

ፒያሳ አንድ ቆሎ መሸጫ ቆሜ ሳለ አንዲት እናት የካሹ ዋጋ ጠየቁና ደነገጡ። «ልጄ፣ ከነቅርፊቱ የለህም? እቤቴ ፈልፍዬ እበላዋለሁ፤ ይረክስልኛል።» ሻጩ ሳቀ። «እማማ፣ እኔም ቅርፊቱን አይቼው አላውቅ!» ስለ ካሹ የምንሳሳተው አብዛኛው ነገር ከዚሁ የመጣ ይመስለኛል፤ የምናውቀው ተፈልፍሎ፣ ጸድቶ፣ ላስቲክ ውስጥ ገብቶ ነው።

«እንደ ለውዝ እቤት ይፈለፈላል።» አይሞከርም። የካሹ ቅርፊት ድርብ ነው፤ በሁለቱ መሃል አናካርዲክ አሲድና ካርዶል የያዘ ጥቁር ዘይት አለ። ቆዳ ላይ ካረፈ ያቃጥላል፣ ውኃ ያስቋጥራል። ያለ ጓንት የሚፈለፍሉ ሠራተኞች እጃቸው የሚጠቁረውና የሚቆስለው በዚሁ ነው። ስለዚህ መጀመሪያ በእንፋሎት ይቀቀላል ወይም ይቆላል፤ ከዚያ ቅርፊቱ ይሰበራል፤ በመጨረሻ ፍሬው ላይ የተጣበቀው ስስ ልጣጭ ይነሳል። እማማን ያስደነገጠው ዋጋ ውስጥ ይህ ሁሉ ድካም አለ። ዘይቱም አይጣልም፤ ቀለምና የመኪና ፍሬን ሸራ ይሠራበታል።

«ጥሬው ይሻላል።» ሱፐርማርኬት ውስጥ «ጥሬ» የሚባለው ነጣ ያለ ካሹ አልተቆላም ማለት ነው እንጂ እሳት አላየም ማለት አይደለም። ከቅርፊቱ ለመውጣት ሙቀት ቀምሷል።

«ያው የለውዝ ዓይነት ነው፣ ከመሬት ይወጣል።» ከባቢሌ የሚመጣልን ለውዝ የባቄላና የአተር ዘመድ ነው፤ ፍሬውን አፈር ውስጥ ይይዛል። ካሹ ግን ዛፍ ነው፣ ያውም ቅርንጫፉ የሚንሰራፋ። ብራዚል ናታል ከተማ አጠገብ ያለው አንድ ዛፍ ከ7,000 ካሬ ሜትር በላይ ሸፍኗል፤ ስታዲየም ገብታችሁ ሜዳውን እዩና ገምቱት። አፈራሩ ደግሞ ግራ ያጋባል። ቀይ ወይም ቢጫ፣ ጭማቂ የሞላው፣ ፍሬ የሚመስል ነገር ይንጠለጠላል፤ እሱ ግን ያበጠ አገዳ ነው። እውነተኛው ፍሬ ከሥሩ፣ ከውጭ በኩል፣ እንደ ኩላሊት ተጣጥፎ የተለጠፈው ነው። በአንድ አገዳ አንድ ካሹ ብቻ! ያበጠው ክፍል ቶሎ ስለሚበላሽ ሩቅ አይጓዝም፤ ብራዚሎች ጁስ ያደርጉታል፣ የህንዷ ጎዋ ሰዎች ደግሞ ፌኒ የሚባል አረቄ ያወጡበታል።

«የህንድ ነው።» ትውልዱ ብራዚል ነው። ስሙም «አካጁ» ከሚለው የቱፒ ሕዝብ ቃል የመጣ ነው። ወደ ጎዋ የወሰዱት ፖርቱጋሎች ናቸው፣ በ16ኛው ክፍለ ዘመን፤ እነክርስቶፎ ዳ ጋማ አፄ ገላውዴዎስን ለመርዳት በመጡበት በዚያው ዘመን። ዛሬ በብዛት ከሚያመርቱት አንዷ ኮትዲቯር ስትሆን ቬትናም ደግሞ ፈልፍላ በመላክ ትታወቃለች።

ጓሮዬ ልትከለው የምትሉ ካላችሁ፣ ካሹ ቆላ ይወዳል። ከ2,300 ሜትር በላይ ያለው የአዲስ አበባ ብርድ አይሆነውም።

«ቅባት ስላለው ኮሌስትሮል አለበት።» ኮሌስትሮል የእንስሳት ነገር ነው፤ ካሹ ውስጥ የለም። ቅባቱ ግን እውነት ነው፣ ከ100 ግራም 44 ግራም ያህል፤ ስለዚህ በእፍኝ እንጂ በሳህን አይበላም።

«ለውዝ ካልጎዳኝ ካሹም አይጎዳኝም።» ይህኛው አደገኛ ነው። የካሹ ቤተሰብ ሌላ ነው፦ ፒስታቹ፣ ማንጎ፣ መንገድ ዳር የምናየው የቁንዶ በርበሬ ዛፍ ሳይቀር ዘመዶቹ ናቸው። ለውዝ የሚስማማው ሰው ለካሹ አለርጂ ሊኖረው ይችላል፤ ፒስታቹ የማይስማማው ደግሞ ብዙ ጊዜ ካሹም አይስማማውም። ከንፈር ማበጥና ትንፋሽ ማጠር ከመጣ ወደ ሐኪም ቤት መሮጥ ነው። የጾም ወተትና ክሬም በካሹም ስለሚሠራ፣ አለርጂ ያለበት ሰው ኬክ ቤት ገብቶ ከማዘዙ በፊት «ካሹ አለበት?» ብሎ ይጠይቅ።