ስለ ማንጋና አኒሜ መጻሕፍት፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

አኒሜ (የጃፓን የካርቱን ፊልም) የሚያይ፣ ማንጋ (የጃፓን የሥዕል ታሪክ መጽሐፍ) የሚያነብ ኢትዮጵያዊ ወጣት ዛሬ አዲስ አበባም አለ፣ አሜሪካ ሲልቨር ስፕሪንግም አለ። ስለ ማንጋና አኒሜ የተጻፈ መጽሐፍ ያነበበ ማግኘት ግን ይከብዳል። «ተከታታዩን ካየሁ መጽሐፉ ምን ይጨምርልኛል?» የሚል ጥያቄ ይነሣል። ብዙ ይጨምራል። በቪዲዮና በማኅበራዊ ሚዲያ እንደ እውነት ከሚነገሩን አባባሎች ብዙዎቹ መነሻቸው ድሮ የተጻፉ መጻሕፍት ናቸው፤ በኋላ የመጡ መጻሕፍት ደግሞ አርመዋቸዋል። እርማቱ ግን እንደ ስሕተቱ አልተሠራጨም። አንድ በአንድ የማነሣቸውም ለዚህ ነው። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«ስለ ማንጋ የተጻፈ መጽሐፍ ማለት የሥዕል መማሪያ ነው»

መደርደሪያውን የሞሉት «ማንጋ እንዴት ይሣላል» የሚሉት ስለሆኑ እንዲህ ቢታሰብ አይገርምም። እነሱንም መናቅ አይገባም፤ ታዋቂዎቹ የማንጋ ሠዓሊዎች፣ ኦሳሙ ቴዙካ ራሱ በ1950፣ ሾታሮ ኢሺኖሞሪ ደግሞ በ1965 ለጀማሪዎች መማሪያ አዘጋጅተዋል። ከመማሪያው ባሻገር ግን ታሪክ አለ፣ ሒስ አለ፣ ግለ ታሪክ አለ፣ የኢንዱስትሪ ጥናት አለ። በእንግሊዝኛ መንገዱን የጠረገው አሜሪካዊው ፍሬደሪክ ሾት በ1983 ያሳተመው «ማንጋ! ማንጋ!» ነው። ሾት ስለ ማንጋ በማውራት ብቻ አላበቃም፤ ከአራት ሥራዎች ቀንጭቦ ተርጉሞ መጽሐፉ ውስጥ አካቷል። አንዱ ኬጂ ናካዛዋ በልጅነቱ ከሂሮሺማው አቶሚክ ቦምብ ተርፎ የሣለው «ባዶ እግሩ ጌን» ነው። በ2001 ደግሞ ጆናታን ክሌመንትስና ሄለን ማካርቲ የአኒሜ ኢንሳይክሎፒዲያ አወጡ፤ የ2015ቱ ሦስተኛ እትም ከሺህ ገጽ ያልፋል።

«ማንጋ ከስምንት መቶ ዓመት በፊት መነኮሳት የጀመሩት ጥበብ ነው»

ከሁሉ በላይ የተሠራጨው ይህ ስለሆነ ረዘም አድርጌ ልየው። የኪዮቶው ኮዛንጂ የተባለ የቡድሂስት ገዳም ንብረት የሆኑ፣ በ12ኛውና በ13ኛው ክፍለ ዘመን የተሣሉ ጥቅልሎች አሉ። ጥንቸልና እንቁራሪት ትግል ሲገጥሙ፣ ዝንጀሮ እንደ መነኩሴ ሲጸልይ ያሳያሉ። ድንቅ ሥዕሎች ናቸው። ቀጥሎ የሚጠራው ካትሱሺካ ሆኩሳይ ነው፤ ከ1814 ጀምሮ ያሳተማቸው የሥዕል መድብሎች «ማንጋ» የሚል ስም ስላላቸው ከገዳሙ ጥቅልል ወደ ሆኩሳይ፣ ከሆኩሳይ ወደ ዛሬው ሳምንታዊ መጽሔት ቀጥ ያለ መስመር ይሠመራል። የሾት መጽሐፍም «የማንጋ አንድ ሺህ ዓመት» የሚል ምዕራፍ ነበረው። ከእሱ በኋላ የመጡ ብዙዎች ይህንኑ ደገሙ።

ተመራማሪው አይከ ኤክስነር በ2021 ያሳተመው የማንጋ አመጣጥ ታሪክ ይህን መስመር በጠሰው። መጽሐፉ በቀጣዩ ዓመት በአሜሪካ ለኮሚክ ሥራዎች የሚሰጠውን የአይዝነር ሽልማት በምሁራዊ ሥራ ዘርፍ አግኝቷል። ኤክስነር ማስረጃውን የፈለገው በድሮ ጋዜጦችና መጽሔቶች ውስጥ ነው። የሆኩሳይ መድብል ታሪክ አይተርክም፤ ሰው፣ ወፍ፣ ተራራ፣ ዕቃ ተራ በተራ የተሣሉበት ናሙና ነው። ዛሬ ማንጋ የምንለው ግን ገጹ በክፈፎች ተከፋፍሎ፣ ገጸ ባሕርያቱ አፋቸው አጠገብ በተሣለ አረፋ ውስጥ እየተናገሩ፣ ድምፁና እንቅስቃሴው በምልክት እየታየ የሚፈስ ታሪክ ነው። ይህ አሠራር ጃፓን ውስጥ ሥር የሰደደው በ1920ዎቹ ነው። በ1923 «አሳሂ ግራፍ» የተባለው የጃፓን ሕትመት የአሜሪካዊውን የጆርጅ ማክማነስን ኮሚክ «ብሪንጊንግ አፕ ፋዘር» እየተረጎመ ማውጣት ጀመረ። ሰው ወደደው፤ ጃፓናውያን ሠዓሊዎችም በዚያው መልክ የራሳቸውን ታሪክ መሥራት ያዙ።

የጥንቱ ታሪክ ለምን ይህን ያህል ተወደደ? በእኔ እምነት ማንጋ ክብር ስላልነበረው ነው። በ1955 ጃፓን ውስጥ ወላጆችና መምህራን «መጥፎ መጻሕፍት ይወገዱ» ብለው ተነሥተው ነበር፤ ማንጋ የተቃጠለበት ቦታም አለ። እንዲህ የተናቀን ነገር ከገዳም ጥቅልል ጋር ማዛመድ ከውርደት ማውጣት ነበር። ምክንያቱ ይገባኛል። ዛሬ ግን ማንጋ ጠበቃ አያስፈልገውም። ከውጭ የመጣ አሠራር ተቀብሎ እንዲህ ወዳለ ነገር መለወጥ ራሱ ትልቅ ሥራ ነው፤ እሱን ለመሸፈን ዘር መፈለግ ሠዓሊዎቹን ማሳነስ ይመስለኛል።

«ዘመናዊ ማንጋን ቴዙካ ብቻውን ፈጠረው»

ቴዙካ (1928–1989) በኦሳካ ሕክምና ተምሮ ብዕሩን የመረጠ፣ ሥራው ለማመን እስኪያስቸግር የበዛ ሰው ነው። በ1947 የወጣው «አዲሱ የሀብት ደሴት» ብዙ ልጆችን ሠዓሊ እንዲሆኑ አነሣሥቷል፤ ይህ አያከራክርም። የሚያከራክረው «ከእሱ በፊት ምንም አልነበረም» የሚለው ነው። ሱይሆ ታጋዋ ወታደር የሆነ ውሻን ታሪክ መሣል የጀመረው በ1931 ነው። የ1947ቱ መጽሐፍም የቴዙካ ብቻ አልነበረም፤ ታሪኩን ያቀደው ሺቺማ ሳካይ ነው። ይባስ ብሎ ቴዙካ በ1980ዎቹ ለሥራዎቹ ሙሉ ስብስብ መጽሐፉን እንደገና ሣለው። የመጀመሪያው ቅጂ እንደነበረ ተባዝቶ ለሽያጭ የቀረበው በ2009 ነው። እስከዚያ ድረስ ስለዚያ መጽሐፍ ሲነገር ብዙው አንባቢ ዋናውን አይቶ ማመሳከር አይችልም ነበር።

ጃፓናዊው ሐያሲ ጎ ኢቶ በ2005 «ቴዙካ ሞቷል» የሚል መጽሐፍ አወጣ። ርእሱ ያስደነግጣል፤ ክርክሩ ግን ሠዓሊውን አይነካም። ሁሉን ነገር በቴዙካ መለኪያ የሚመዝን ሒስ በኋላ የመጣውን ማንጋ ማየት ተስኖታል ነው የሚለው። እስማማለሁ። በ1957 ዮሺሂሮ ታትሱሚ «ጌኪጋ» ብሎ የሰየመው ለአዋቂ አንባቢ የሚሆን ጨለም ያለ አሣሣል ቴዙካን ራሱን እንዲለወጥ አስገድዶታል። የሾት የ1983 መጽሐፍ መቅድሙን የጻፈለት ቴዙካ መሆኑንም አንባቢ ልብ ይበል። ሾት ለቴዙካ አስተርጓሚ ሆኖ ይሠራ ነበር። ያ ቅርበት መጽሐፉን አበልጽጎታል፣ ሚዛኑንም ወደ አንድ ሰው አዘንብሎታል።

«ትልልቅ ዓይን የሚሥሉት ፈረንጅ ለመምሰል ነው»

ትልልቅ ዓይን ይሥል የነበረው ቴዙካ የዲዝኒ አፍቃሪ ነበር፤ ባደገባት በታካራዙካ ከተማ ሴቶች ብቻ የሚጫወቱበት ታዋቂ ቴአትር ስላለ የመድረክ ኩላቸውም ዓይኑ ውስጥ ቀርቷል። ከእሱም በፊት በ1930ዎቹ ጁኒቺ ናካሃራ በልጃገረዶች መጽሔት ላይ ዓይናቸው የጎላ ሴቶች ይሥል ነበር። ዓይን ስሜት የሚነበብበት ቦታ ስለሆነ ይሰፋል፤ ከዘር ጋር አይያያዝም። ለእኛ ይህን መረዳት ከባድ መሆን የለበትም። ጎንደር ደብረ ብርሃን ሥላሴ ጣሪያው ላይ ያሉት መላእክት ዓይናቸው ከፊታቸው ገዝፎ ይታያል፤ ሠዓሊው የሌላ ሕዝብ መልክ ሊሰጣቸው ፈልጎ ነው የሚል የለም።

«የልጃገረዶች ማንጋ በኋላ የተቀጠለ ቅርንጫፍ ነው»፣ «ሠዓሊው ራሱ ከተናገረ ክርክሩ አበቃ»

ሁለቱን አንድ ላይ የማነሣው አንድ ታሪክ ስለሚያርማቸው ነው። ሴት ሠዓሊዋ ማቺኮ ሃሴጋዋ «ሳዛኤ-ሳን» የተባለውን የጋዜጣ ማንጋ የጀመረችው በ1946 ነው፤ ከቴዙካ «አዲሱ የሀብት ደሴት» በፊት። ከዚህ የተሠራው የቴሌቪዥን አኒሜ ከ1969 ጀምሮ አላቋረጠም። ሪዮኮ ኢኬዳ በ1972 የፈረንሳይን አብዮት ዘመን ለጃፓን ልጃገረዶች አመጣች። በዚያው ሰሞን ቶኪዮ ኔሪማ፣ ኦይዙሚ በሚባል ሰፈር ኬኮ ታኬሚያና ሞቶ ሃጊዮ አንድ ቤት ይኖሩ ነበር። ያቺ ቤት ወጣት ሴት ሠዓሊዎች የሚሰባሰቡባት ሆነች፤ የልጃገረዶችን ማንጋ የለወጠው ትውልድ በብዛት በዚያ አልፏል።

ታኬሚያ በ2016 ስለዚያ ዘመን ግለ ታሪክ ጻፈች። ተወደደ፤ ይህን ታሪክ በፊልም እንሥራው የሚሉ ጥያቄዎችም ወደ ሃጊዮ መምጣት ጀመሩ። ሃጊዮ በ2021 የራሷን መጽሐፍ አውጥታ አንድ ጊዜ ብቻ እናገራለሁ፣ ከእንግዲህ አትጠይቁኝ አለች። ለእሷ ያ ዘመን በተሰበረ ጓደኝነትና ገና ባልሻረ ቁስል ያለቀ ነበር። ሁለቱም በቦታው ነበሩ፣ ሁለቱም ከልባቸው ጽፈዋል፣ ታሪኩ ግን ሁለት ነው። ግለ ታሪክ የማንጋን መጻሕፍት ሁሉ የሚያስንቅ ውበት አለው፤ እንደ ምስክር ቃል እንጂ እንደ ፍርድ አይነበብም።

«አኒሜ የሚንቀሳቀስ ማንጋ ነው፤ አንድ መጽሐፍ ለሁለቱም ይበቃል»

የዚህ ስሕተት ጉዳቱ አኒሜ የራሱ ታሪክ እንደሌለው ማስመሰሉ ነው። ጁኒቺ ኮውቺ ስለ ደነዘ ሰይፍ የሠራት አጭር አስቂኝ ፊልም የ1917 ናት፤ ለአሠርት ዓመታት ጠፍታ ኖራ ኦሳካ ውስጥ በአሮጌ ዕቃ ገበያ ተገኝታለች። በ1945 መርከበኛ እንስሳት የሚዘምቱበት ረጅም የጦርነት ፕሮፓጋንዳ ፊልም በባሕር ኃይሉ ድጋፍ ተሠርቷል። የክሌመንትስ የ2013 የአኒሜ ታሪክ ይህን ሁሉ ከገንዘቡና ከሠራተኛው ወገን ሆኖ ይተርካል፤ ለእኔ ከጻፋቸው ሁሉ የሚበልጠው ይህ ነው።

የ1963ቱን የቴዙካ የቴሌቪዥን አኒሜ «አስትሮ ቦይ» ውሰዱ። ቴዙካ ተከታታዩን ለቴሌቪዥን የሸጠው ከማምረቻ ወጪው ባነሰ ዋጋ ነው። ታዲያ ጉድለቱ በምን ተሸፈነ? ማርክ ስታይንበርግ በ2012 ባሳተመው ጥናት ከቸኮሌት እሽግ ውስጥ ከሚወጡ ተለጣፊ ሥዕሎች ይነሣል። ሜይጂ የተባለው ኩባንያ የአስትሮ ቦይን ተለጣፊ ከማርብል ቸኮሌቱ ጋር ሲሰጥ ልጆች በየግድግዳው፣ በየደብተሩ ለጠፉት። ገጸ ባሕርዩ ከቴሌቪዥኑ ወጥቶ ቤት ገባ፤ ዛሬ አኒሜን የሚያኖረው የአሻንጉሊት፣ የልብስና የጨዋታ ንግድ በዚያ መንገድ ነው የሄደው። ማንጋውን ብቻ የሚያይ መጽሐፍ ይህን አይነግራችሁም።

ማንጋና ፊልም ሲገናኙም አንዱ የሌላው ግልባጭ አይደለም። የአኒሜ ፊልም ዳይሬክተሩ ሐያኦ ሚያዛኪ የ«ናውሲካ» ማንጋን የጀመረው በ1982፣ የጨረሰው በ1994 ነው፤ ፊልሙ የወጣው መሐል ላይ በ1984 ነው። የማንጋው መጨረሻ ፊልሙን ብቻ ያየ ሰው ከሚጠብቀው እጅግ የራቀ ነው።

«የልጆች ነገር ነው፤ ምሁር ምን አገባው?»

ይህን በአጭሩ ልለፈው። ኢሺኖሞሪ በ1986 ከአንድ ታላቅ የኢኮኖሚ ጋዜጣ ጋር ሆኖ የጃፓንን ኢኮኖሚ በማንጋ አስረድቷል፤ ትርጉሙን በ1988 ያሳተመው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ማተሚያ ቤት ነው። ጃፓን ውስጥ በሒስ ላይ ብቻ ያተኮረ የማንጋ መጽሔት በ1967 ተጀምሯል። በ2006 የኪዮቶ ዓለም አቀፍ የማንጋ ሙዚየም በድሮ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሕንፃ ተከፍቷል፤ ወደ ሦስት መቶ ሺህ የሚጠጋ ስብስብ አለው። ሙዚየሙን ከከተማዋ ጋር የመሠረተው የኪዮቶ ሴይካ ዩኒቨርሲቲ ማንጋን በፋኩልቲ ደረጃ ያስተምራል። ከ2014 እስከ 2018 የዩኒቨርሲቲው ፕሬዚዳንት ከላይ ያነሣኋት ኬኮ ታኬሚያ ነበረች፤ ከእሷ ተቀብሎ እስከ 2022 የመራው ማሊ ተወልዶ ያደገው ኡሱቢ ሳኮ ነው። «ማንጋ ለአፍሪካዊ ምኑ ነው?» ለሚል ይህን መንገር ይበቃል።

«መጽሐፉ ካረጀ አይጠቅምም»

ቁጥሩ ያረጃል። «ሳምንታዊ ሾነን ጃምፕ» የተባለው የማንጋ መጽሔት በ1990ዎቹ አጋማሽ ከስድስት ሚሊዮን ተኩል ቅጂ በላይ ይታተም ነበር፤ በዚያ ዘመን የተጻፉ መጻሕፍት ይህን እንደ ዘላቂ ነገር ይነግሯችኋል። ከዚያ ኅትመቱ እየቀነሰ ሄዶ በ2017 የዲጂታል ማንጋ ሽያጭ በወረቀት የሚታተሙትን ጥራዞች በለጠ። ስለዚህ ሽፋኑን ከማየታችሁ በፊት የታተመበትን ዓመትና እትሙን እዩ። ድሮ የተጻፈው ግን አዲሱ የሌለው ነገር አለው፦ ዛሬ በሕይወት ከሌሉ ሰዎች ጋር የተደረገ ውይይት፣ ማንጋ ከጃፓን ውጭ ገና ባልታወቀበት ጊዜ የነበረ ግርምት።

የመጀመሪያ መጽሐፍ ለምትፈልጉ፣ የሾትን የ1983 መጽሐፍ ጀምሩ፤ ወዲያው የኤክስነርን አስከትሉ። አኒሜው ለሚበልጥባችሁ የክሌመንትስን ታሪክ አንብባችሁ፣ ከዚያ ሚያዛኪ ራሱ ከ1979 እስከ 1996 የጻፋቸውና የተናገራቸው ወደተሰበሰቡበት ጥራዝ እለፉ፤ የእንግሊዝኛው ትርጉም በ2009 ወጥቷል፣ ከተርጓሚዎቹም አንዱ ሾት ነው።