የቴሪቶሪ ዳኛ ምንድን ነው?

ሰሞኑን አንድ ተንታኝ ስለ አሜሪካ ፍርድ ቤቶች ሲያወራ ፕሬዝዳንት ዳኛን ከወንበሩ ሊያነሳ እንደማይችል ነገረን። እስከዚህ እሺ። ቀጠለና ምዕራቡ ገና ባልቀናበት ዘመን ወደ ቴሪቶሪዎቹ የተላኩት ዳኞች ሳይቀሩ ለዕድሜ ልክ የተሾሙ፣ ማንም የማይነካቸው ነበሩ አለ። ይህን ነገር ስንት ጊዜ እንደሰማሁት! ተነክተዋል እንጂ። ደጋግመው ተነክተዋል።

ቴሪቶሪ ምን እንደሆነ ብዙ አላወራም። ገና ስቴት ያልሆነና በኮንግረስ ሥልጣን ሥር ያለ መሬት ነው። ሚኒሶታ ከ1849 እስከ 1858 እንዲህ ነበረች (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች ናቸው)። ዛሬ ብዙ ሐበሻ የሚኖርባት ሴንት ፖል ያኔም ዋና ከተማዋ ነበረች። ዳኞቹ ሦስት ነበሩ። ፕሬዝዳንቱ በሴኔት ስምምነት ይሾማቸዋል፤ ዘመናቸው 4 ዓመት፣ ደመወዛቸው በዓመት 1,800 ዶላር። እያንዳንዱ በየወረዳው ለብቻው ያስችላል። ከዚያ ሦስቱ ተሰብስበው የቴሪቶሪው ጠቅላይ ፍርድ ቤት ይሆኑና ይግባኝ ይሰማሉ፤ ራሳቸው በፈረዱት ላይ ሳይቀር! ለጠበቃ ምን ያህል እንደሚያናድድ አስቡት።

ስህተቱ የሚመጣው ከሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 3 ነው። አንቀጹ ዳኛ ጠባዩ እስካልተበላሸ ድረስ በወንበሩ ይቆያል፣ ደመወዙም አይቀነስበትም ይላል። ሰዎች ይህን ያነቡና ዋሽንግተን የሾመችው ዳኛ ሁሉ በዚህ ይጠበቃል ብለው ይደመድማሉ። ጉዳዩ ግን በ1828 ተቋጭቷል። ፍሎሪዳ ባሕር ላይ መርከብ ተሰብሮ ጥጥ ተረፈ። ኪ ዌስት ላይ የቴሪቶሪው ሕግ ያቋቋመው ችሎት ጥጡ እንዲሸጥ አዘዘ፤ የኢንሹራንስ ኩባንያው ችሎቱ ሥልጣን አልነበረውም ብሎ ተከራከረ። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዋና ዳኛ የነበረው ጆን ማርሻል የቴሪቶሪ ፍርድ ቤቶች በአንቀጽ 3 የሚመሩ አይደሉም፣ ኮንግረስ ቴሪቶሪን ለማስተዳደር ባለው ሥልጣን የፈጠራቸው ናቸው ሲል መለሰ። ለዚህ ካነሳቸው ምክንያቶች አንዱ የፍሎሪዳ ዳኞች ለ4 ዓመት ብቻ መሾማቸው ነው።

እንግዲህ የአንቀጽ 3 ዳኛ ካርታ በስሙ ያለው ባለቤት ነው እንበል። የቴሪቶሪ ዳኛ ተከራይ ነው። የቤቱ ጌታ ኮንግረስ፣ ወኪሉ ፕሬዝዳንቱ፣ ውሉ የ4 ዓመት። ቴሪቶሪው ስቴት ሲሆን ቤቱ ይፈርሳል፤ ተከራዩም ሌላ ቤት ይፈልጋል። ዋናው ጥያቄ ውሉ ሳያልቅ ወኪሉ ተከራዩን ማስወጣት ይችላል ወይ የሚለው ነው። ውሉ በዚህ ላይ ዝም ብሏል። አንዱ ወገን 4 ዓመት ማለት ዋስትና ነው ይላል፤ ሌላው የለም፣ ጣሪያ ነው ይላል። (ተከራይ ደመወዝ እንደማይከፈለው አውቃለሁ፤ ምሳሌው እዚህ ላይ ያነክሳል።)

ይህ ጥያቄ በሰው ላይ ሲደርስ ምን እንደሚመስል አሮን ጉድሪች ቀመሰው። ጉድሪች ኒውዮርክ ተወልዶ ቴነሲ ውስጥ ጠበቃና የምክር ቤት አባል የነበረ የዊግ ፓርቲ ሰው ነው። በ1849 ፕሬዝዳንት ቴይለር የሚኒሶታ የመጀመሪያ ዋና ዳኛ አድርጎ ሾመው። ብዙ ሳይቆይ ቅሬታ በዛበት። በ1851 ፕሬዝዳንት ፊልሞር አነሳው። ፊልሞር ራሱም ዊግ ነው፤ ተቃዋሚ ፓርቲ ገፋው እንዳትሉ። ጠቅላይ ዐቃቤ ሕጉ ክሪተንደን ፕሬዝዳንቱ ማንሳት ይችላል የሚል አስተያየት ጽፎ ነበር።

ጉድሪች ዝም አላለም። ዘመኔ 4 ዓመት ነው፣ የቀረው ደመወዜ ይከፈለኝ ብሎ የገንዘብ ሚኒስትሩን ጋትሪን ከሰሰ። ጉዳዩ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ በ1854 ተሸነፈ።

ሁለተኛው ስህተት እዚህ ጋ ነው፤ እውነቱን ለመናገር ከመጀመሪያው ይልቅ ይሄ ያናድደኛል፣ ምክንያቱም የሚሠሩት ያነበቡ ሰዎች ናቸው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በጉድሪች ጉዳይ ፕሬዝዳንቱ የቴሪቶሪ ዳኛን ማንሳት እንደሚችል ወሰነ ይላሉ። አልወሰነም። ብይኑን የጻፈው ዳኛ ዳንኤል ያለው፣ ፍርድ ቤት የገንዘብ ሚኒስትሩን ከመንግሥት ካዝና ክፈል ብሎ በትእዛዝ ሊያስገድደው አይችልም ነው። የማንሳቱን ጥያቄ ዘሎታል። በዋናው ጥያቄ ላይ በግልጽ የጻፈው በልዩነት የቆመው ዳኛ ማክሊን ነው፤ እሱ ደግሞ ፕሬዝዳንቱ ይህ ሥልጣን የለውም ባይ ነበር። ሰው የተረታበትን ምክንያት ሳያነቡ መዝገቡን መጥቀስ በእኛ ሙያ የታወቀ በሽታ ነው።

መልሱ የመጣው በ1891 ነው፣ ከአላስካ። ማክአሊስተር የተባለ ዳኛ ፕሬዝዳንት ክሊቭላንድ ስላገደው ደመወዙን ጠየቀ። ከጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ዳኞች አብዛኞቹ የአላስካ ዳኛ በአንቀጽ 3 አይጠበቅም፣ ሕጉም ለፕሬዝዳንቱ የማገድ ሥልጣን ይሰጠዋል ብለው ጥያቄውን ውድቅ አደረጉት። ያኔም ቢሆን የተቃወሙ ዳኞች ነበሩ።

ጉድሪችስ? ሊንከን በ1861 ብራስልስ በሚገኘው የአሜሪካ ሌጋሲዮን (ከኤምባሲ ዝቅ ያለ የዲፕሎማሲ ጽሕፈት ቤት) ጸሐፊ አድርጎ ላከው። በ1874 ኮሎምበስ አጭበርባሪ ነበር የሚል መጽሐፍ አሳተመ። ሙግት የሚወድ ሰው ነበር ማለት ነው።

ይህ ሁሉ የድሮ ወሬ ነው የሚል ካለ ደግሞ፣ የጉዋምና የቨርጂን ደሴቶች የፌዴራል ዲስትሪክት ዳኞች ዛሬም የሚሾሙት ለ10 ዓመት ነው። ፖርቶ ሪኮ ግን ቴሪቶሪ ሆና ሳለ ዲስትሪክት ዳኞቿ ከ1966 ጀምሮ ዕድሜ ልክ ይሾማሉ። ስለዚህ በቴሪቶሪ የተቀመጠ ዳኛ ሁሉ ተከራይ ነው ማለትም አይቻልም። ኮንግረስ በሕግ የጻፈለትን ማየት ያስፈልጋል።